ኪያሩ ለሰለሰ፣ ክዳኑ አበጠ፦ ለአንዲት አንባቢ መልስ

አንዲት አንባቢ እንዲህ ሲሉ ጽፈውልኛል፦ «ሜሪላንድ ሳለሁ በእንስላል የኪያር ፒክል (በአቼቶ የታሸገ ኪያር) እሠራ ነበር፤ አንድም ቀን ተበላሽቶብኝ አያውቅም። አዲስ አበባ ከገባሁ ወዲህ ግን ጠርሙሱን እንደዚያው 10 ደቂቃ ባፈላም ኪያሩ ይለሰልሳል። ያሁኑ ደግሞ ፈሳሹ ደፈረሰ፤ የሁለቱ ጠርሙስ ክዳንም አበጠ። እንዳይኮመጥጥብኝ ብዬ አንድ ኩባያ አቼቶ ለሁለት ኩባያ ውሃ አድርጌያለሁ። እንደገና ባፈላው ይበላል?»

አይበላም። እባክዎ አይክፈቱት፣ አይቅመሱትም። በደንብ ጠቅልለው ሰውም እንስሳም በማያገኘው ቦታ ይጣሉት። ክዳኑን ያሳበጠው ጋዝ ነው፤ ጋዝ ካለ ደግሞ ውስጡ የሚራባ ነገር አለ ማለት ነው። ክዳናቸው ያላበጠውንም አብረው ይጣሉ፤ ሁሉም የተሞሉት በዚያው በቀጠነ አቼቶ ነው።

ይህን ያህል የምጨነቀው ወድጄ አይደለም። ቦቱሊዝም የሚባለውን አደገኛ የምግብ መመረዝ የሚያመጣው ባክቴሪያ አየር የሌለበት የታሸገ ዕቃ ይስማማዋል። ዘሩ (ስፖሩ) ደግሞ በፈላ ውሃ አይሞትም። የሚያግደው አሲድ ነው፤ ፒኤች (የኮምጣጣነት መለኪያ፤ ቁጥሩ ሲጨምር ኮምጣጣነቱ ይቀንሳል) ከ4.6 በላይ ከሆነ ማደግ ይችላል። ኪያር በራሱ ኮምጣጣ ስላልሆነ ጥበቃው ሁሉ በአቼቶው ላይ ነው። ስለዚህ መለያው ላይ 5 በመቶ አሲድ የሚል አቼቶ ይግዙ። መጠኑ ያልተጻፈበትን ለሰላጣ ያድርጉት እንጂ ለማሸጊያ አይጠቀሙበት። ልኩም እኩል በእኩል ይሁን፦ ለ3 ኩባያ አቼቶ 3 ኩባያ ውሃና 3 የሾርባ ማንኪያ ጨው። ኮመጠጠኝ ካሉ አንድ ሁለት ማንኪያ ስኳር ይጨምሩ፤ አቼቶውን ግን አይንኩት።

ሁለተኛው ጉዳይ ከፍታው ነው። ሜሪላንድ አብዛኛው ዝቅተኛ ቦታ ነው፤ ውሃ 100 ዲግሪ ገደማ ላይ ይፈላል። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል 2,300 ሜትር በላይ ላይ ስለሆነች እዚህ ውሃ የሚፈላው 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። ሲንተከተክ ሲያዩት አንድ ይመስላል፤ ሙቀቱ ግን አንድ አይደለም። እዚያ 10 ደቂቃ የሚበቃው የግማሽ ሊትር ጠርሙስ እዚህ 20 ደቂቃ ይፈልጋል፤ የአንድ ሊትሩ 25። ሐዋሳ ወይም ድሬዳዋ ቢሆኑ ለግማሽ ሊትሩ 15 ይበቃዎት ነበር። ደቂቃው የሚቆጠረው ጠርሙሶቹ ገብተው ውሃው እንደገና ሲፈላ ነው። ውሃው ከክዳኑ በላይ ሁለት ሦስት ጣት ይሁን።

«ታዲያ ይህን ያህል ካፈላሁት ይባስ አይለሰልስም?» ይሉኝ ይሆናል። ልክ ነው፣ ሙቀት ያለሰልሳል። ግን መጀመሪያ ኪያሩን ይመልከቱ። ገበያችን ላይ የሚበዛው ረጅሙ የሰላጣ ኪያር ነው፤ ውሃው ብዙ፣ ፍሬው ትልቅ። አጭሩን፣ ጠንካራውን፣ ከ10 ሳንቲሜትር የማይበልጠውን ይምረጡ፤ በተቻለ መጠን በተለቀመበት ቀን ይሥሩት። ቀናት የቆየ ኪያር መሀሉ ባዶ ይሆናል፤ ምንም ቢያደርጉት ቀርጨም አይልም። ከዚያ ሁለቱን ጫፎች ይዩ። አንደኛው ከሐረጉ የተቆረጠበት ነው፤ ሌላኛው አበባው የነበረበት፣ ትንሽ ክብ ጠባሳ ያለው። ኪያርን የሚያለሰልሰው ኢንዛይም ያለው በዚህ በአበባው በኩል ነው። ከዚያ ጫፍ ሁለት ሚሊሜትር ያህል ቆርጠው ይጣሉ። ትንሽ ነገር ትመስላለች፤ ለውጧ ግን ይታያል። ከመሙላትዎ በፊት በበረዶ ውሃ ሁለት ሦስት ሰዓት ይዘፍዝፉት።

የማእድ ቤት ቴርሞሜትር ካለዎት ደግሞ እኔ የምመርጠውን መንገድ ይሞክሩ። ጠርሙሶቹን ለብ ባለ ውሃ ውስጥ አስቀምጠው እስኪሸፈኑ ሙቅ ውሃ ይጨምሩ፤ ከዚያ ሙቀቱን ከ82 እስከ 85 ዲግሪ መሀል ለ30 ደቂቃ ያቆዩት። ከ82 ከወረደ አያስተማምንም፤ ከ85 ካለፈ ኪያሩ ይለሰልሳል። ከምድጃው መራቅ የለም። የሚለካው ሙቀቱ ራሱ ስለሆነ ከፍታው አያሳስብም። ጨው ለተቀነሰበት ፒክል ግን ይህ አይሆንም።

ስለ መደፍረሱም፦ የገበያው ጨው አዮዲንና እንዳይጋግር የሚጨመርበት ነገር ስላለው ፈሳሹን ትንሽ ሊያደፈርስ ይችላል፤ ያ ጉዳት የለውም። ነጭ ሽንኩርቱ ወደ አረንጓዴ ወይም ሰማያዊ ቢቀየርም አይደንግጡ። ድፍርሱ ከጋዝ፣ ከመጥፎ ሽታ ወይም ካበጠ ክዳን ጋር ከመጣ ግን ያለ ክርክር ይጣላል።

የማዮኔዝ ጠርሙስና ክዳን አይጠቀሙ፤ ብዙ ጊዜ በደንብ አይገጥምም። ጠርሙሱ ሁለት ክፍል ክዳን ያለው ይሁን፤ ጠፍጣፋውን በየጊዜው አዲስ ያድርጉ። ሲሞሉ ከላይ አንድ ጣት የማይሞላ ክፍተት ይተዉ። ካወጡት በኋላ እስከ ማግስቱ አይነካኩት፤ ከዚያ የክዳኑን መሀል በጣትዎ ይጫኑ። ቀጭ ብሎ ከተመለሰ አልታሸገም፤ ፍሪጅ አስገብተው ቶሎ ይብሉት። የታሸገውን ጨለማና ቀዝቃዛ ቦታ አስቀምጠው እንስላሉ እስኪገባው አንድ ወር ያህል ይታገሱት።