ጊታር ለያዛችሁ ልጆች፦ ከስቲቪ ሬይ ቮን ክሩን ሳይሆን እጁን ውሰዱ

ልጆቼ፣

ብሉዝ ሮክ የወደደ ጊታሪስት ሁሉ ውሎ አድሮ የቴክሳሱን ጊታሪስት ስቲቪ ሬይ ቮንን ያገኘዋል። ብዙዎቻችሁ ታዲያ መጀመሪያ የምታደርጉት አንድ ነገር ነው፤ እንደሱ ወፍራም ክር ገዝታችሁ ጊታራችሁ ላይ ትወጥራላችሁ። ብዙም ሳይቆይ የግራ እጃችሁ አንጓ ያማችኋል። ይህን የምጽፍላችሁ ከሕመሙ በፊት እንዲደርሳችሁ ብዬ ነው።

የክሮቹ ልክ የታወቀ ነው፤ ከቀጭኗ ጀምሮ 13፣ 15፣ 19፣ 28፣ 38፣ 58፣ በኢንች ሺኛ ሲለካ። የሚረሳው ግን ጊታሩን ግማሽ ድምፅ አውርዶ በኢ ፍላት ይቃኝ እንደነበር ነው። ግማሽ ድምፅ ሲወርድ የክሩ ውጥረት 11 በመቶ ገደማ ይቀንሳል። እንዲያም ሆኖ የሱ 13 በተለመደው ቅኝት ከተወጠረ 10 አንድ ተኩል እጥፍ ይከብዳል። ያን የሚገፋው እጅ የተሠራው በልጅነቱ ዳላስ፣ ከ17 ዓመቱ ጀምሮ ደግሞ በኦስቲን ክለቦች ሌሊቱን ሙሉ በመጫወት ነው። እሱም ቢሆን ጣቱ እየተላጠ በሱፐር ግሉ ይለጥፈው ነበር፤ ሲብስበት የመጀመሪያዋን ክር ወደ 12 ወይም ወደ 11 ያወርዳት ነበር። እናንተ ጣታችሁን አትለጥፉ፤ ሁለት ቀን አሳርፉት።

ቀጭኗ ክር 10 በሆነች ስብስብ ጀምሩ፣ በኢ ፍላት ቃኙ። ሙሉ ድምፅ ቤንድ ስታደርጉ፣ ማለትም ክሩን በጎን ገፍታችሁ ድምፁን ስታወጡ፣ ሳይጎድል ሳያልፍ ከደረሰላችሁ ወደ 11 ውጡ። ቤንድ በአንድ ጣት አይሠራም፤ የቀለበት ጣት ሲገፋ ሁለቱ ከኋላው ይደግፉታል፣ አውራ ጣት አንገቱን ከላይ ይይዛል፣ የሚዞረው አንጓው ነው። ክሩን ስታወፍሩ ጊታሩም ይስተካከል። ለ10 የተቆረጠ ነት (አንገቱ ጫፍ ላይ ክሮቹ የሚያልፉበት ቁራጭ) ወፍራሙን ክር ይነክሰዋል፤ ከቤንድ በኋላ ቅኝቱ የማይመለሰው ለዚህ ነው። አንገቱም ወደ ፊት ይጎብጣል፤ አንገቱ ውስጥ ያለውን ብረት፣ ትረስ ሮዱን፣ ከሩብ ዙር ባልበለጠ አጥብቁ፣ እንደገና ቃኙ፣ አንድ ቀን ጠብቃችሁ እዩት። ስትራቶካስተር በሚባለው ጊታር ላይ ክሮቹ የሚታሰሩበት ብሪጅ ከተነሳ ከኋላ ያሉት ሦስት ስፕሪንጎች አልቻሉም ማለት ነው፤ አምስት አድርጓቸው።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ፤ የዚህ ሰው ድምፅ ያለው ቀኝ እጁ ላይ ነው። አንድ ኖታ ሲመታ እንኳ እጁ ሰፊ ነው፣ ብዙ ክር ይነካል፤ የማይፈለጉትን የሚያፍናቸው የግራ እጅ ነው። ስለዚህ በሙሉ ኃይል መትቶም አንዱ ብቻ ይሰማል። ልምምዱ ቀላል ነው፣ ግን ይሰለቻል፤ ስድስቱንም ክር አፍኑ፣ ሜትሮኖሙን 60 ላይ አድርጉና ሻፍል ምቱ። እያንዳንዱን ምት ለሦስት ከፍላችሁ አንደኛውንና ሦስተኛውን ብቻ ነው የምትመቱት። በየቀኑ አሥር ደቂቃ፣ ያለ ምንም ኮርድ። ችክችካ ሲሰማ ያደገ ጆሮ ለሦስት መክፈል አይከብደውም፤ የሚያሳስተው የድራሙ ስኔር ሁለተኛውና አራተኛው ላይ ማረፉ ነው። ቀጥሎ የብሉዙን አሥራ ሁለት ባር ዙር በኢ ተጫወቱ። ዘጠነኛው ባር ላይ ኮርዱ ሲቀየር መቸኮል የተለመደ ነው፤ ራሳችሁን ቅዱና አድምጡ።

ኖታዎቹማ አሏችሁ። ባቲ ማይነር የምንለው ቅኝት የብሉዝ ጊታሪስቶች ከሚጫወቱበት ባለ አምስት ድምፅ ስኬል፣ ከማይነር ፔንታቶኒክ ጋር በአምስቱም ድምፅ አንድ ነው። የጎደለው ሦስተኛዋን ድምፅ ሩብ ያህል ገፋ አድርጎ በማይነርና በሜጀር መካከል ማንጠልጠል ነው፤ ብሉዙ ያለው እዚያች ስንጥቅ ውስጥ ነው።

ስለ ፔዳሉ ብዙ አልልም። ቲዩብ ስክሪመር የተባለውን ፔዳል ድራይቩን (ድምፁን የሚያሻክረውን) ዝቅ፣ ሌቭሉን (መጠኑን) ከፍ አድርጉና ቲዩብ አምፕሊፋየሩን ግፉት። ድራይቩን ሞልቶ የሚጫወት ሰው የምቱን ጥርስ ያጣዋል።

ሥራውን በተመለከተ ደግሞ ይህን እወቁ። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1982 በስዊዘርላንዱ የሞንትሩ ፌስቲቫል የሪከርድ ውል ሳይኖረው ወጥቶ ሲጫወት ከታዳሚው አንዳንዱ ተቃውሞ ጮኸበት። ያን ምሽት ዘፋኙ ዴቪድ ቦዊ ሰማውና ለአልበሙ ጠራው፤ ሌላው ዘፋኝ ጃክሰን ብራውን ደግሞ ስቱዲዮውን በነፃ ሰጠው። የመጀመሪያ አልበሙ መሠረት በጥቂት ቀናት እዚያ ተቀረጸ፤ 1983 ላይ ወጣ። በጥቂት ቀናት ሊቀርጹ የቻሉት ዘፈኖቹን በየክለቡ ደጋግመው ስለተጫወቷቸው ነው። ከቦዊ ጋር ዓለምን ሊዞር የነበረውን ጉዞ ሊጀመር ሲል ትቶ ከቤዚስቱ ቶሚ ሻነንና ከድራመሩ ክሪስ ሌይተን ጋር ቀጠለ። የባንድ ጓደኞቻችሁን እንዲህ ምረጡ፤ ታዋቂውን ሳይሆን ምቱን የሚጠብቅላችሁን።

ከሁሉ በላይ የምሰጋላችሁ ከመድረክ ስትወርዱ ላለችው ሰዓት ነው። ልብ ገና ይሮጣል፣ እንቅልፍ አይመጣም፣ ብርጭቆው ቅርብ ነው። እሱ አልኮልና ኮኬይን አብሮ ሲወስድ ኖሮ በ1986 መስከረም ጀርመን ውስጥ ወደቀ፤ ከዚያ ታከመና ተወው። ያቺን ሰዓት ቀድማችሁ ሙሏት፤ ክራችሁን በደረቅ ጨርቅ ጥረጉ፣ ትኩስ ምግብ ብሉ፣ የዕለቱን ቅጂ ነገ እንጂ ዛሬ አትስሙ።

እ.ኤ.አ. ነሐሴ 27 ቀን 1990 አሜሪካ፣ ዊስኮንሲን ውስጥ ከኮንሰርት ሲመለስ ሄሊኮፕተር ተከስክሶ በ35 ዓመቱ ሞተ። በ1986 የወጣውን የመድረክ አልበምና በ1989 የወጣውን የስቱዲዮ አልበም ጎን ለጎን አድምጡ። በመጀመሪያው እጁ ይሮጣል፤ በሁለተኛው በኖታዎቹ መካከል ዝምታ አለ፣ ሻነንና ሌይተን ይሰማሉ።