ፊልሙ አልቆ ሙዚቃው ለምን አልለቅ አለኝ?

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ሰሞኑን «ሬኩየም ፎር ኤ ድሪም»ን አየሁ። ወጣቶቹ ሄሮይን ሲወስዱ የሚታየው ለሁለት ሦስት ሰከንድ ነው። እናትየዋ ደግሞ የውፍረት መቀነሻ ክኒን ነው የምትውጠው። ታዲያ ያስለቀሰችኝ እሷ የሆነችው ለምንድን ነው? ሙዚቃውም እስካሁን ጆሮዬ ላይ አለ።
አንባቢዎ፣ ከአዳማ

መልስ፦ እኔንም ያስለቀሰችኝ እሷው ናት፣ እህቴ።

ለዓመታት የሰርግ ቪዲዮ ኤዲት ሳደርግ ስለኖርኩ መጀመሪያ ዓይኔ የሚያርፈው አቆራረጡ ላይ ነው። ዳረን አሮኖፍስኪ እ.ኤ.አ. በ2000 ባወጣው በዚህ ፊልም ሄሮይኑ እንዲህ ይመጣል። ፓኬቱ በጥርስ ይቀደዳል፣ ላይተር ይለኮሳል፣ ፈሳሹ ይንተከተካል፣ የዓይን ብሌን ይሰፋል። አለቀ። ደስታውን እንድታይ ጊዜ አይሰጥሽም። ትንሽ ቆይቶ ያው እንደገና። ተንኮሉ ታዲያ እናትየዋ ክኒን ስትውጥም ያንኑ አቆራረጥ መጠቀሙ ነው። ለጎረቤት ልጅየው ሱሰኛ ነው፣ እሷ ዳይት ላይ ናት። ለኤዲተሩ ግን ልዩነት የላቸውም።

መጀመሪያውን ትዕይንት እስቲ ደግመሽ እዪው። ልጇ ቴሌቪዥኗን አስይዞ ገንዘብ ሊያገኝ መጥቷል። እሷ ቴሌቪዥኑን በሰንሰለት አስራዋለች። ስክሪኑ ለሁለት ይከፈላል፤ በአንዱ በኩል ልጁ ይጮሃል፣ በሌላው እናቱ ሣራ በር ቆልፋ ተደብቃለች። በመጨረሻ የሰንሰለቱን ቁልፍ በበሩ ስር ታሾልክለታለች። ኋላ ራሷ ሄዳ ከፍላ ታስመልሰዋለች። እናት ናታ!

ቴሌቪዥን ላይ ትቀርቢያለሽ ሲሏት ቀይ ቀሚሷን ታወጣለች። አልዘጋ ይላታል። ከዚያ ጠዋት ወይን ጠጅ፣ ከሰዓት ሰማያዊ፣ ማታ ብርቱካናማ፣ ለመኝታ አረንጓዴ ክኒን። እየከሳች ስትሄድ ፍሪጁ ማጉረምረም፣ መንቀሳቀስ ይጀምራል። ፍሪጅ የሚያስፈራ ፊልም ሌላ አላየሁም። ኤለን በርስቲን በዚህ ሚናዋ ለኦስካር ታጭታ ነበር፤ አልሰጧትም። እኔ እስከዛሬ ቅር ይለኛል።

ፊልሙ በጋ፣ መኸር፣ ክረምት ተብሎ ተከፍሏል። የነሱ ክረምት በረዶው ነው። በኛ ቢሆን መስከረም ይጠባል እንል ነበር። እዚያ ክረምት ላይ ያበቃል።

ሙዚቃው የክሊንት ማንሰል ነው፤ የተጫወተው ክሮኖስ ኳርቴት፣ ሁለት ቫዮሊን፣ አንድ ቪዮላ፣ አንድ ቼሎ። ዜማው አጭር ነው። ይሄዳል፣ ይመለሳል፣ በተመለሰ ቁጥር ይከብዳል። ጆሮሽ አሁን ያርፋል ብሎ ሲጠብቅ እንደገና ከመጀመሪያው። እኔ ይህን ስጽፍ አራት ጊዜ ከፍቼዋለሁ። አምስተኛውን ባለቤቴ መጥታ አጠፋችው።