ኢሪኒ ፓፓስን ከየትኛው ፊልም ልጀምር?

«ዘ ሜሴጅ ላይ ሂንድን ሆና የተጫወተችው ሴት ማን ናት? ሌላ ፊልሟን ማየት ብፈልግ ከየትኛው ልጀምር?» ላልከው፦

ኢሪኒ ፓፓስ ትባላለች። ግሪካዊት ናት፤ በ2022 አርፋለች (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ያየኸው የ1976ቱን የእንግሊዝኛ ቅጂ መሆን አለበት። ዳይሬክተሩ ሙስጠፋ አቃድ ፊልሙን በአረብኛም ለብቻው ቀርጾታል፤ እዚያኛው ላይ ሂንድ ሶሪያዊቷ ሙና ዋሲፍ ናት።

እኔ ብሆን በ1964ቱ ዞርባ ዘ ግሪክ እጀምራለሁ። ብዙ ሰው የሚያስታውሰው የአንቶኒ ኩዊንን ጭፈራ ነው። አንተ ግን መበለቲቱን ተከታተል። ዝናብ እየዘነበ የመንደሩ ወንዶች ፍየሏን ቡና ቤት ውስጥ ደብቀው ይስቁባታል። ጥቁር ለብሳ ትገባለች፤ አንድ በአንድ ታያቸዋለች፤ አትለምናቸውም። እንግዳው ሰውዬ ጃንጥላውን ሲሰጣት የምታየውን አስተያየት እኔ ስንቴ ወደ ኋላ መልሼ አይቼዋለሁ። በፊልሙ ውስጥ የምትናገረው ከቁጥር የሚገባ አይደለም።

ዋናው ሥራዋ ግን፣ እንደኔ፣ ከዞርባው ዳይሬክተር ከሚካኤል ካኮያኒስ ጋር የሠራቻቸው የጥንቱ ግሪካዊ ጸሐፌ ተውኔት የዩሪፒደስ ታሪኮች ናቸው። በ1962 ኤሌክትራን ሆነች፤ አባቷን ያስገደለች እናቷን የምትበቀል ልጅ። በ1971 በዘ ትሮጃን ዊሜን የእናትየዋን እህት ሄለንን ሆነች። በ1977 ደግሞ በኢፊጌንያ ራሷ እናትየዋ ሆና መጣች! ኤሌክትራን ያየ ሰው ያቺን እናት ይጠምዳታል። ኢፊጌንያ ላይ ግን ባሏ አጋሜምኖን ለመርከቦቹ ንፋስ ብሎ የገዛ ልጃቸውን መሥዋዕት ሲያደርግ ታያለህ። መጨረሻ ላይ የፓፓስን ፊት ስታይ በኋላ ለሚመጣው ደም መፍረድ ያቅትሃል። ስለዚህ በወጡበት ቅደም ተከተል እያቸው፤ ታሪኩን ከመጀመሪያው ልያዝ ብለህ ከኢፊጌንያ ከጀመርክ ይህ ይቀርብሃል። ኤሌክትራና ኢፊጌንያ በግሪክኛ ስለሆኑ ጥሩ ሰብታይትል ያለው ፈልግ።

ዜድም አለ፣ 1969። የተገደለው የፓርላማ አባል ሚስት ናት፤ ሚናዋ አጭር ነው። ራሷም በ1967 ግሪክ ውስጥ ሥልጣን የያዘውን ወታደራዊ ጁንታ ተቃውማ ስደት ላይ ነበረች። ለኦስካር አንዴም አልታጨችም፤ ይሄ እስካሁን ያናድደኛል።

ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ደግሞ አንድ ልጨምር፤ ላየን ኦፍ ዘ ዴዘርት፣ 1981፣ አሁንም የአቃድ ነው። የሊቢያው አርበኛ ዑመር ሙኽታር ኩዊን ሲሆን ጣሊያናዊውን ጄኔራል የሚጫወተው ኦሊቨር ሪድ ነው። ጄኔራሉ ማን መሰለህ? ግራዚያኒ! የየካቲት 12ቱ፣ እኛ ጋ ከመምጣቱ በፊት። ፓፓስ እዚህ ብዙ አትታይም፣ ፊልሙም ሦስት ሰዓት ሊሞላ ጥቂት ነው የሚቀረው። ለእሷ ብለህ ከሆነ መጨረሻ ላይ አድርሰው፤ ለግራዚያኒ ብለህ ከሆነ ግን ዛሬውኑ ክፈተው።