መልስ፦ ከ1955 ዓ.ም. በፊት የኢትዮጵያ እገዛ ከንግግር አልፎ ነበር?

«የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. ከመመሥረቱ በፊት ኢትዮጵያ ለነጻነት ታጋዮች ከንግግር ያለፈ ምን አደረገች?» ላልከኝ ወንድሜ፣ ኮልፌ ና ላሳይህ። ያኔ የአዲስ አበባ ዳርቻ በነበረው በዚህ ሰፈራችን፣ ኔልሰን ማንዴላ በ1954 ዓ.ም. የጦር ሥልጠና ወስደዋል። ተኩስ፣ የፈንጂ አጠቃቀም፣ ትጥቅ ተሸክሞ ረጅም የእግር ጉዞ፤ ያውም በክረምት! የኮልፌን የሐምሌ ጭቃ የረገጠ ሰው ያ ጉዞ ምን እንደነበር አይጠፋውም። ለስድስት ወር የታሰበው ሥልጠና ትግሉ ስለጠራቸው ተቋረጠ። ከአሠልጣኞቻቸው አንዱ የነበሩት ኮሎኔል ታደሰ ብሩ ሲሸኟቸው አንድ ሽጉጥና 200 ጥይት ሰጧቸው። አገራቸው ገብተው ብዙም ሳይቆዩ ተያዙ፤ ከእስር የወጡት ከ27 ዓመት በኋላ ነው።