የባህል ቅርበት ለአፍሪካ አንድነት ይበቃልን?

ጥያቄ፦ በጎንደር የታሪክ መምህር ነኝ። የሱዳን ዜማ በከተማችን ይወደዳል፣ ኪስራቸው እንጀራችንን ይመስላል፣ በመተማ በኩል የሚነግዱ ወገኖቻችንም ዐረብኛ ይናገራሉ። ጎረቤት ሕዝቦች ይህን ያህል ከተቀራረቡ የአፍሪካ አንድነት ስለምን አልሰመረም?

መልስ፦ የተከበሩ መምህር፣ ቅርበቱ እርስዎ እንዳሉት ነው፤ ሆኖም ዝምድና ብቻውን አንድነትን አያጸናም። ኬንያ፣ ኡጋንዳና ታንዛኒያ ስዋሂሊን እየተጋሩ እ.ኤ.አ. በ1967 የመሠረቱት የምሥራቅ አፍሪካ ማኅበረሰብ፣ በጥቅም ክፍፍልና በመሪዎች ጠብ ምክንያት በ1977 ፈርሷል፤ ዳግም የቆመው በ2000 ነው። በአንጻሩ በምዕራብ አፍሪካ አንዱ አገር በፈረንሳይኛ፣ ሌላው በእንግሊዝኛ፣ ሌላውም በፖርቱጋልኛ እየተዳደረ፣ የኤኮዋስ (የምዕራብ አፍሪካ አገሮች የኢኮኖሚ ማኅበረሰብ) አባል አገሮች እ.ኤ.አ. በ1979 ባጸደቁት ስምምነት ዜጎቻቸው ያለ ቪዛ ገብተው እስከ 90 ቀን እንዲቆዩ ፈቅደዋል። ከጋና ወደ ቶጎ የምትሻገር ነጋዴ የያዘችው በወረቀት የጸና መብት ነው፤ የእኛን አካባቢ የጎደለውም ይኸው ይመስለኛል።

የነገሩ ሥር ሩቅ ነው። ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ የአፍሪካ አንድነት ድርጅትን ቻርተር የፈረሙት 32 አገሮች፣ የጋናው ፕሬዚዳንት ክዋሜ ንክሩማ አጥብቀው የጠየቁትን የአህጉር መንግሥት ትተው፣ ሉዓላዊነታቸውን የጠበቁ አገሮች የሚተባበሩበትን ማኅበር መረጡ። በዓመቱም ካይሮ ላይ፣ ነጻ ሲወጡ የነበራቸውን ድንበር ለማክበር ወሰኑ። ውሳኔው ብዙ ደም መፋሰስ እንዳስቀረ አምናለሁ፤ ተራው ሰው ድንበሩን እንዴት እንደሚሻገር ግን ለየመንግሥቱ ፈቃድ ተተወ።

የአፍሪካ ኅብረት ይህን ለማረም እ.ኤ.አ. በ2018 ሰዎች በአገሮች መካከል በነጻነት የሚዘዋወሩበትን ስምምነት (ፕሮቶኮል) አጽድቋል። መጀመሪያ የመግባት፣ ቀጥሎ የመኖር፣ በመጨረሻም ሥራ የማቋቋም መብት እንዲሰጥ ያዛል፤ ሥራ ላይ የሚውለው ግን 15 አገሮች ሲያጸድቁት ነው፣ ይህም ቁጥር ገና አልሞላም። መንግሥታት ስለ ጸጥታና ስለ ሥራ አጥነት ይሰጋሉ። ስጋቱ መሠረት የለውም አልልም፤ ነገር ግን ሕጋዊው መንገድ ሲጠብ ሰው መሻገሩን አይተውም፣ በሕገወጥ ደላላ እጅ ይወድቃል እንጂ፤ ይህንንም የመተማን መስመር ለሚያውቅ የጎንደር ሰው ማስረዳት አያስፈልግም።

ሚያዝያ 2015 ዓ.ም. ሱዳን ውስጥ ጦርነት ሲነሳ ብዙዎች በዚያው በመተማ በኩል ገብተዋል። እንግዳን መቀበል ባህላችን ያስተማረን ነው፤ የተቀበልነው ሰው እንዲሠራና ልጆቹን እንዲያስተምር የሚፈቅድለት ግን ሕግ ነው። ስለዚህ ለተማሪዎችዎ ስለ ንክሩማ ሲያስተምሩ፣ ፕሮቶኮሉንም አብረው ቢያስነብቧቸው ደስ ይለኛል።