ከሃኖይ ወጥቶ ገጠር መዋል፦ ለጥያቄዎቻችሁ መልስ

ስለ ቬትናም ገጠር የአንድ ቀን ጉብኝት ጠይቁኝ ብዬ ነበር፤ ጥያቄው ጎረፈ። ሃኖይ ነው የምኖረው። እንግዳ በመጣ ቁጥር፣ አንዳንዴም ብቻዬን፣ ወደ ገጠር መውጣት እወዳለሁ። የሚመሳሰሉትን አጣምሬ በተራ ልመልስ።

ጥያቄ፦ ያለኝ አንድ ቀን ብቻ ነው። የቱ ገጠር ይሻለኛል?

መልስ፦ ማረፊያህ ሃኖይ ከሆነ ሳታመነታ ኒን ቢን ሂድ። ከከተማው በስተደቡብ 95 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በፈጣኑ መንገድ ሁለት ሰዓት ቢፈጅ ነው። የሩዝ ማሳው ለጥ ያለ ሜዳ ነው፤ ከሜዳው መሃል የኖራ ድንጋይ ተራሮች ቀጥ ብለው ይወጣሉ። ወንዙ ተራራውን ሰርስሮ ያልፋል። ጀልባ የሚገባውም እዚያው ዋሻ ውስጥ ነው። አካባቢውን ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2014 በትራንግ አን ስም፣ በተፈጥሮም በባህልም፣ የዓለም ቅርስ ብሎ መዝግቦታል።

ሆ ቺ ሚን ከተማ ያላችሁ ሜኮንግ ደልታ አለላችሁ። ሚ ቶ 70 ኪሎ ሜትር ገደማ ናት። ወንዙን ስትሻገሩ ቤን ቼ ነው፣ የኮኮናት አገር። በውሃ ላይ የሚውለውን ገበያ ካላየሁ የምትሉ ግን እሱ ካን ቶ ነው ያለው፤ 170 ኪሎ ሜትር ይርቃል፣ የሚደምቀውም ጎህ ሲቀድ ነው። ደርሶ መልስ በአንድ ቀን አትሞክሩት፣ እዚያው እደሩ። ሆይ አን ያላችሁ ደግሞ መኪና አያስፈልጋችሁም። ትራ ኬ የሚባለው የአትክልት መንደር በሳይክል ቅርብ ነው።

ከዚህ በኋላ የምመልሰው በአብዛኛው ስለ ኒን ቢን ነው። የጠየቃችሁትም እሱን ስለሆነ።

ጥያቄ፦ ታም ኮክ ወይስ ትራንግ አን? ሁለቱም የጀልባ ጉዞ አይደሉም?

መልስ፦ ናቸው፣ ግን ይለያያሉ። ታም ኮክ ላይ ወንዙ የሚሄደው በሩዝ ማሳ መካከል ነው፣ በመንገዱ ላይ ሦስት ዋሻ አለ። ሩዙ ቢጫ ሆኖ የሚያምረው በእኛ ግንቦት ሁለተኛ አጋማሽ ላይ ነው። ያን ጊዜ ከመጣችሁ ሌላ አትምረጡ። ቀዛፊዎቹ ብዙዎቹ ሴቶች ናቸው፣ የሚቀዝፉትም በእግራቸው ነው። ወደ ኋላ ደገፍ ብላ ትቀመጥና መቅዘፊያዎቹን በእግሯ ትገፋለች። አንዱ እግር ሲዘረጋ ሌላው ይታጠፋል፣ ሳይክል እንደሚነዳ ሰው። እጇ ነፃ ነው፤ ጃንጥላ ትይዝበታለች። ሰው ሁሉ ተራራውን ፎቶ ሲያነሳ እኔ እግሯን ሳይ ነው የምደርሰው።

ሩዙ ከታጨደ በኋላ ግን ትራንግ አን ይበልጣል። ጉዞው ሦስት ሰዓት ገደማ ነው። ዋሻዎቹ ይበዛሉ፣ አንዳንዱ ጣሪያ ዝቅ ስለሚል አንገት ደፍቶ ማለፍ ግድ ነው። እዚህ ቀዘፋው በእጅ ነው።

ጥያቄ፦ ያገኘሁት ፕሮግራም ሆዋ ሉ፣ ጀልባ፣ ሳይክል፣ ሃንግ ሙዋ ተራራና ባይ ዲን ፓጎዳ ይላል። በአንድ ቀን ይቻላል?

መልስ፦ ይቻላል። ግን ገጠሩን ሳታይ ትመለሳለህ። ከመኪና ወርዶ ፎቶ፣ ተመልሶ መኪና፣ ቀኑ በዚህ ያልቃል። ከሁሉም አስቀድሜ የምሰርዘው ባይ ዲንን ነው። ትልቅ ነው፣ ይገርማል፣ ነገር ግን አሁን ያለው ግዙፍ ግቢ በዚህ ክፍለ ዘመን የተሠራ ነው፣ ግማሽ ቀንም ይበላል። ሆዋ ሉ አጭር ስለሆነ ይቆይ። እ.ኤ.አ. ከ968 እስከ 1010 የአገሪቱ ዋና ከተማ ነበር። ከዚያ ንጉሥ ሊ ታይ ቶ መናገሻውን ዛሬ ሃኖይ ወዳለችበት ወሰደው። አሁን የቀሩት የዲንና የሌ ነገሥታት መታሰቢያ ቤተ መቅደሶች ናቸው፤ ታሪኩን የሚያወራ አስጎብኚ ከሌለ ግን ባዶ ግቢ ይመስላሉ።

ዋናው ሳይክሉ ነው። ብዙ ድርጅቶች 30 ወይም 40 ደቂቃ ይመድቡለታል። ሁለት ሰዓት ይሁንልኝ ብለህ አስቀድመህ ተነጋገር። መንገዱ ሜዳ ስለሆነ አያደክምም። ገበሬው ውሃውን ከአንዱ ማሳ ወደ ሌላው ሲለቅ ታያለህ። ዳክዬ በመንጋ ይነዳል። በአጨዳ ሰሞን ሩዙ አስፋልት ላይ ተሰጥቶ ይደርቃል፣ ሳይክሉም ሞተሩም ዳር ዳሩን ነው የሚያልፈው። ጎሽ አሁንም አለ፣ እርሻው ግን በብዛት በማሽን ነው።

አስጎብኚ የሚጠቅመውም እዚህ ላይ ነው። ጀልባውን ብቻህን ትሳፈረዋለህ። ከገበሬው ጋር ግን ብቻህን አታወራም። አንድ ጊዜ ማሳ ዳር ቆመን አስጎብኚያችን አንዲት እናትን ስለ ዘሩ ጠየቀቻቸው። እሳቸው ደግሞ እኔን ስለ ጤፍ ጠየቁኝ፣ በዓመት ስንት ጊዜ ታጭዳላችሁ ብለው። አንድ ጊዜ ስላቸው በጣም አዘኑልኝ። በሰሜን ቬትናም ሩዝ በዓመት ሁለት ጊዜ ይመረታል፣ ሜኮንግ ደልታ ላይ ሦስት ጊዜ የሚያመርትም አለ።

ጥያቄ፦ ማሳው መሃል ያሉት መቃብሮች ናቸው?

መልስ፦ አዎ። ቤተሰቡ ሟቹን በገዛ መሬቱ ላይ ነው የሚያሳርፈው። በሰሜኑ ክፍል ብዙዎች ከሦስት ዓመት ገደማ በኋላ አጥንቱን አውጥተው፣ አጥበው፣ በትንሽ ሣጥን ለዘለቄታው ይቀብሩታል። ትልቅ የቤተሰብ ጉዳይ ነው። ለፎቶ ብላችሁ መቃብሩ ላይ አትውጡ፣ አትቀመጡበትም። ሰው ስታነሱም መጀመሪያ ፈገግ ብላችሁ ካሜራውን አሳዩ፤ እጃቸውን ካወዛወዙ ተዉት።

ጥያቄ፦ የምሄደው በዐቢይ ጾም ነው። ምን በልቼ ልዋል?

መልስ፦ ይህን የጠየቃችሁ ብዙ ናችሁ፣ ደስ ብሎኛል። ቬትናም ለጿሚ ትመቻለች። ቡድሂስቶቹ ከሥጋ የጸዳ ምግብ አላቸው፣ «ቻይ» ይሉታል። በጨረቃ ወር 1ኛና 15ኛ ቀን ብዙ ሰው እሱን ነው የሚበላው። ጉብኝቱን ስትይዙ «ቻይ» ብላችሁ አስመዝግቡ፣ ምሳው ተዘጋጅቶ ይጠብቃችኋል። ቶፉ፣ እንጉዳይ፣ ጎመን፣ ሩዝ ይቀርባል።

የሚያስቸግረው የዓሣ ሶስ ነው። አትክልት ሲጠበስ እንኳ ጠብ ይደረግበታል፣ ለእነሱ እንደ ጨው ነው። ዓሣ በጾም የማትበሉ ከሆነ ለብቻው ንገሯቸው። እንቁላልም አንዳንድ ቤት ሊገባ ስለሚችል አብራችሁ ጥቀሱ። በቃል ከመናገር በቬትናምኛ አስጽፋችሁ ስልካችሁ ላይ ያዙት።

በፍስክ የምትመጡ ደግሞ የኒን ቢን ፍየል አለ። ተራራው ላይ ሲወጣና ሲወርድ የሚያድግ ፍየል ነው፣ በሎሚና በሎሚ ሣር ለብ አድርገው ያቀርቡታል። ከጎኑ «ኮም ቻይ» የሚባል የሩዝ ቅርፊት አለ፣ ድስት ላይ የተያዘውን ሩዝ አድርቀው የሚጠብሱት። ስሙ ከጾሙ ምግብ ጋር ቢመሳሰልም ሌላ ነው፣ ሥጋ ያለበት መረቅ ሊፈስበት ስለሚችል ጿሚዎች ጠይቁ። ሙስሊም እህትና ወንድሞች፣ ገጠር ላይ ሐላል ማግኘት ይከብዳል፣ አሳማ በየቦታው ነው። የ«ቻይ» ምግቡ ለእናንተም መፍትሔ ነው።

ጥያቄ፦ ከቨርጂኒያ ነኝ። እናቴን ይዤ ነው የምመጣው፣ ጉልበቷን ያማታል።

መልስ፦ አምጫቸው እህቴ። ጀልባው ለእሳቸው ነው የተሠራ የሚመስለው፣ ቁጭ ብሎ ማየት ነው። ሲሳፈሩና ሲወርዱ ብቻ አንድ ሰው እጃቸውን ይያዝ። ሃንግ ሙዋን ግን ለእሳቸው አታስቢው። 500 ደረጃ ገደማ ነው፣ ወደ ላይኛው ጫፍ ሲደርስ ድንጋዩ ያንሸራትታል። በሳይክሉ ምትክ አስጎብኚው በኤሌክትሪክ መኪና መንደሩን የሚያዞርበት መንገድ ካለ አስቀድመሽ ጠይቂ። ከተቻለ የግል መኪና ያዢ፣ ሲደክማቸው የምትመለሱት እናንተ ስትፈልጉ ይሆናል።

ጥያቄ፦ ሞተር ሳይክል ተከራይቼ ያለ አስጎብኚ ብሄድስ? የአሜሪካ ዓለም አቀፍ መንጃ ፈቃድ አለኝ።

መልስ፦ አይሆንም። አሜሪካ የሚሰጠው እ.ኤ.አ. በ1949 የመንገድ ትራፊክ ስምምነት የወጣውን ነው፣ ቬትናም የምትቀበለው የ1968ቱን ነው። አከራዩ ላይጠይቅህ ይችላል። አደጋ ከደረሰ ግን ኢንሹራንስህ አልከፍልም ሊልህ ይችላል።

ጥያቄ፦ ዋጋው ስንት ነው? ሱቅ ለሱቅ ያዞሯችኋል የሚባለውስ?

መልስ፦ ከሃኖይ በቡድን ሚኒባስ ከ35 እስከ 60 ዶላር ገደማ፣ ምሳና መግቢያ ተካቶበት። ከዚያ በጣም የወረደ ዋጋ ካያችሁ የሆነ ነገር ጎድሏል፤ ወይ መግቢያው፣ ወይ የሰው ቁጥር ከልክ በላይ ነው። ሱቁ እውነት ነው። መንገድ ላይ ለመጸዳጃ ተብሎ የሚቆመው ትልቅ ሱቅ ደጃፍ ነው። የመግዛት ግዴታ የለባችሁም። በቡድኑ ውስጥ ስንት ሰው እንዳለ ጠይቁ፤ ከ12 በላይ ከሆነ እኔ ሌላ እፈልጋለሁ። 40 ሰው ያለበት አውቶቡስ መንደር ውስጥ ሲቆም ለመንደሩም ለእንግዳውም ደስ አይልም።

ጥያቄ፦ የትኛው ወር?

መልስ፦ ለሰሜኑ ጥቅምትና ኅዳር። ሙቀቱ ይበርዳል፣ ሰማዩ ይጠራል። ከሐምሌ እስከ መስከረም ሙቀትና ዝናብ ነው፣ አውሎ ነፋስ ሲመጣም ጀልባው ይቆማል። ከጥር እስከ መጋቢት ብርድና ካፊያ አለ፣ ሹራብ ያዙ፣ ተራራው ግን በጉም ያምራል። ቴት የሚባለው አዲስ ዓመታቸው ጥር ወይም የካቲት ላይ ይውላል፣ ያን ሰሞን ብዙ ቤት ዝግ ነው፣ ትራንስፖርቱም ይጨናነቃል።

ጥያቄ፦ ቪዛና በረራ?

መልስ፦ ከነሐሴ 2015 ዓ.ም ጀምሮ የሁሉም አገር ዜጋ በኢንተርኔት ኢ-ቪዛ ማውጣት ይችላል፣ እስከ 90 ቀን። ለአንድ ጊዜ መግቢያ 25 ዶላር ነው። የመንግሥቱን ድረ ገጽ ብቻ ተጠቀሙ፣ አስመሳዮች ብዙ ያስከፍላሉ። የኢትዮጵያ አየር መንገድም ከሐምሌ 2017 ዓ.ም ጀምሮ ሃኖይ ይበራል።

አንድ ነገር ልጨምር። ከአዲስ አበባ የምትመጡ፣ ሰዓት አስተውሉ። አስጎብኚው «8» ካለ በእኛ ጠዋት 2 ሰዓት ነው። ቬትናም ከአዲስ አበባ በ4 ሰዓት ትቀድማለች። ስልካችሁ ራሱ ያስተካክላል፣ የእጅ ሰዓታችሁ ግን አያስተካክልም።

ጥያቄ፦ በቡና ንግድ ላይ ነኝ። የቡና እርሻ ማየት እችላለሁ?

መልስ፦ ከሃኖይ ወጥተህ በቀን አትመለስም። ቬትናም በምርት ከብራዚል ቀጥላ ሁለተኛ ናት፣ አብዛኛው ግን ሮቡስታ ነው፣ የሚበቅለውም በመካከለኛው ደጋ፣ በቡዎን ማ ትዎት ዙሪያ ነው። አንተ ማየት ያለብህ ዳ ላት ይመስለኛል። አቅራቢያው ካው ዳት የሚባል ቦታ ላይ አረቢካ ያመርታሉ፣ የእኛው የዘር ሐረግ ነው። ከዳ ላት ከተማ የአንድ ቀን ጉብኝት ይበቃል። ሃኖይ ላይ ሳለህ በትንሿ ብረት ማጥለያ ጠብ ጠብ እያለ የሚወርደውን ቡና በጣፋጭ ወተት ቅመስ። ከጀበናው ጋር አታወዳድረው፣ ለራሱ ጥሩ ነው።

ጥያቄ፦ ለጀልባዋ ቀዛፊ ቲፕ ስንት ይሰጣል?

መልስ፦ ግዴታ አይደለም፣ ስጡ ግን። የሚሠሩት ተራ ጠብቀው ነው፣ በየቀኑ ተራ አይደርሳቸውም። ለአንድ ጀልባ ከ50 ሺህ እስከ 100 ሺህ ዶንግ መልካም ነው፣ ከ2 እስከ 4 ዶላር መሆኑ ነው። ታም ኮክ ላይ መመለሻው ጋ ጥልፍና መጠጥ ይሸጥላችኋል። ካልፈለጋችሁ ራስ ነቅንቃችሁ እለፉ፣ ገንዘቡን በቀጥታ ለቀዛፊዋ ስትወርዱ ስጧት። ብሩን ደግሞ አስቀድማችሁ ለዩ። የ20 ሺውና የ500 ሺው ኖት ሁለቱም ሰማያዊ ናቸው፣ ጀልባ ላይ በጥድፊያ ይምታታሉ። በተለያየ ኪስ ያዟቸው።