ስለ ቶም ፊኒ ጠይቁኝ፣ የማውቀውን ልመልስ

ስለ ድሮ የእንግሊዝ ኳስ በወራን ቁጥር የዚህን ሰውዬ ስም ሳነሳ «ማን ነው ደግሞ እሱ?» የምትሉኝ በዝታችኋል። እሺ፣ ጥያቄያችሁን ሰብስቤ ልመልስ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

በአጭሩ ማን ነው?

በ1922 ፕሪስተን ከተማ የተወለደ የመስመር ተጫዋች ነው። ቤታቸው ከከተማው ክለብ ሜዳ ከዲፕዴል ስታዲየም አጠገብ ነበር። ከ1946 እስከ 1960 ለፕሪስተን ኖርዝ ኤንድ ብቻ 433 የሊግ ጨዋታ ተጫውቶ 187 ጎል አገባ። ለብሔራዊ ቡድን ደግሞ 76 ጨዋታ፣ 30 ጎል። ልብ በሉ፣ አጥቂ አይደለም፣ የመስመር ተጫዋች ነው! ግራኝ ሆኖ ነው ቀኝ መስመር ላይ ተከላካዮችን ሲያምስ የኖረው፤ በግራም ይጫወታል፣ ወደ መጨረሻው አካባቢ መሃል አጥቂም ሆኗል።

1946 ላይ እኮ 24 ዓመቱ ነው። እስከዚያ ምን ይሠራ ነበር?

ጦርነት ነዋ። ሊጉ ቆሞ ነበር። ግብፅ ተላከ፣ ከዚያ ጣሊያን ውስጥ ከእንግሊዙ ስምንተኛ ጦር ጋር ታንክ ይነዳ ነበር። ከመዝመቱ በፊት በ1941 የጦርነት ጊዜ ዋንጫ ፍጻሜ ፕሪስተኖች አርሰናልን በድጋሚ ጨዋታ አሸንፈዋል፤ ልጁ ያኔ 19 ዓመቱ ነበር። የአርሰናል ደጋፊዎች አትቆጡ፣ ሂሳቡን ከታች ታወራርዳላችሁ።

ቧንቧ ሠራተኛ ነበር የሚሉት የምር ነው?

የምር ነው። ክለቡ ገና በልጅነቱ ሊወስደው ሲል አባቱ «መጀመሪያ ሙያህን ጨርስ» አሉት። ጨረሰ። ታዋቂ ከሆነ በኋላም ሥራውን አልተወም፣ ቅጽል ስሙም «የፕሪስተኑ ቧንቧ ሠራተኛ» ሆኖ ቀረ። የአባትየው ምክር ትክክል እንደነበር የሚገባችሁ የደመወዙን ነገር ስነግራችሁ ነው።

እንዲህ ጎበዝ ከሆነ ዋንጫው የታለ?

ይሄ ያማል። በ1953 ሊጉን ፕሪስተንና አርሰናል እኩል 54 ነጥብ ይዘው ጨረሱ። ያኔ የሚታየው የጎል ልዩነት ሳይሆን ያገባኸው ለገባብህ ተካፍሎ ነው። አርሰናል 97 አግብቶ 64 ገባበት፣ ፕሪስተን 85 አግብቶ 60፤ ዋንጫው ወደ ለንደን ሄደ። (በዛሬው ሕግ ቢቆጠርም አርሰናል ነው የሚወስደው፣ ክርክር አትፍጠሩ።) በ1954 በኤፍኤ ካፕ ፍጻሜ በዌስት ብሮም 3 ለ 2 ተሸነፉ፣ በ1958 ደግሞ በሊጉ ከዎልቭስ ቀጥሎ ሁለተኛ ሆኑ። እሱ ግን በ1954 እና በ1957 የዓመቱ ኮከብ ተባለ። ያንን ሽልማት ሁለት ጊዜ የወሰደ የመጀመሪያው ሰው ነው።

እንደዛሬዎቹ ለገንዘብ ያልሮጠ፣ ለክለቡ ታማኝ የነበረ ሰው ነው አይደል?

እዚህ ጋ ቆም እንበል። ይሄን «ታማኝ» የሚለውን ነገር ሁሉም ይደጋግመዋል፣ እኔ ግን ግማሹን ብቻ ነው የምቀበለው። በ1952 የጣሊያኑ ፓሌርሞ 10,000 ፓውንድ የፊርማ ገንዘብ፣ ቪላ ቤትና መኪና አቀረበለት። እንግሊዝ ውስጥ ያኔ ለተጫዋች የተፈቀደው ጣሪያ በሳምንት 14 ፓውንድ ነው፤ የውድድር ዘመኑ ሲዘጋ እሱም ይቀንሳል። አስሉት፣ የፊርማው ብቻ ወደ 14 ዓመት ደመወዝ ነው። ክለቡ እምቢ አለ፣ አለቀ። ውልህ ቢያልቅም ክለቡ ካልለቀቀህ ሌላ ቦታ አትጫወትም ነበር። የስቶኩ ኒል ፍራንክሊን በ1950 ዝም ብሎ ቦጎታ ሄዶ ሲመለስ ታገደ። ስለዚህ ፊኒ ከተማውን ይወድ ነበር፣ አልክድም፤ ግን በሩም ተቆልፎበት ነበር። የደመወዝ ጣሪያው በጂሚ ሂል በሚመራው የተጫዋቾች ማኅበር ትግል የተነሳው በጥር 1961 ነው፣ ወዲያው የፉልሃሙ ጆኒ ሄይንስ በሳምንት 100 ፓውንድ መብላት ጀመረ። ፊኒ ጫማውን ከሰቀለ ዓመት እንኳ አልሞላውም። ዕድል ስትጠም!

ከሌላው የዘመኑ የእንግሊዝ መስመር ተጫዋች ከስታንሊ ማቲውስ ማን ይበልጣል?

ለእኔ ፊኒ። ማቲውስ በድሪብል አቻ የለውም፣ ፊኒ ግን ጎሉንም ያገባል፣ በሁለቱም እግር ይመታል። በኋላ የሊቨርፑል አሰልጣኝ የሆነው ቢል ሻንክሊም ፕሪስተን አብሮት ስለተጫወተ ዕድሜውን ሙሉ እንደሱ ያለ የለም ሲል ኖሯል። ደግሞ ለምን እናጣላቸዋለን? በ1947 ሊዝበን ላይ አንዱ በቀኝ ሌላው በግራ ተሰልፈው ፖርቱጋልን 10 ለ 0 ቀጥተዋል።

ያ ውሃ እየረጨ የሚንሸራተትበት ፎቶስ?

1956፣ ስታምፎርድ ብሪጅ፣ ከቼልሲ ጋር፣ ሜዳው በዝናብ ተጥለቅልቆ። ዲፕዴል ደጃፍ ያለው ሐውልት የተሠራው ከዚያ ፎቶ ነው፣ ከሥሩ ውሃ ሁሉ አለው።

ካቆመ በኋላስ?

በብሽሽት ጉዳት በ1960 አቆመ። ፕሪስተን በቀጣዩ የውድድር ዘመን ወረደ፣ እስከ ዛሬም ወደ ላይኛው ሊግ አልተመለሰም። እሱ ግን በ1963፣ በ41 ዓመቱ፣ የቤልፋስቱ ክለብ ዲስቲለሪ ለአውሮፓ ዋንጫ ጨዋታ ለምኖት ሄደ። ተጋጣሚው በ1961 እና በ1962 ዋንጫውን የበላው ቤንፊካ ነበር። 3 ለ 3 ወጡ። ለመልሱ ጨዋታ ፊኒ አልሄደም፣ ቤንፊካ 5 ለ 0 አሸነፈ።